ሕግ ቀደመ፣ ልማድ ዘገየ

በእኛ ዘንድ ጥሎሽ የሚመጣው ከሙሽራው ወገን ነው። በህንድ አገር ግን ብዙውን ጊዜ የሚሰጡት የሙሽራይቱ ወላጆች ናቸው፤ ለዚህም ሲሉ ዕዳ ውስጥ የሚገቡ ብዙዎች ናቸው። ይህ ልማድ እ.ኤ.አ. በ1961 በሕግ ተከለከለ፤ ዳሩ ግን እስከ ዛሬ አልቀረም። እ.ኤ.አ. በ2005 ደግሞ የሂንዱ ሴቶች ልጆች በቤተሰብ የወል ርስት ላይ ከወንድሞቻቸው እኩል መብት አገኙ። ሆኖም ከወንድሞቻቸው ላለመጣላት ድርሻቸውን የሚተዉ እህቶች ብዙ ናቸው።

እንግዲህ ሕግ ያልለወጠውን ምን ይለውጠዋል? የአህመዳባድን ከተማ ሴቶች እንመልከት። እ.ኤ.አ. በ1972 ወይዘሮ ኢላ ባት የተባሉ የሕግ ባለሙያ ከአትክልት ሻጮችና ከተሸካሚ ሴቶች ጋር «ሴዋ» የተባለውን ማኅበር መሠረቱ። ከሁለት ዓመት በኋላ 4,000 ሴቶች እያንዳንዳቸው 10 ሩፒ አዋጥተው የራሳቸውን ባንክ አቋቋሙ። ብዙዎቹ መፈረም ስለማይችሉ ፎቶግራፋቸው በፊርማ ፈንታ አገለገለ። ከአራጣ አበዳሪ በቀር መሄጃ ያልነበራት ሴት በስሟ የተቀመጠ ገንዘብ አገኘች።

ከዚህ የምንማረው፣ በሕግ የተሰጠ መብት ሥር የሚሰደው ሴቲቱ የምታዝበት ነገር በእጇ ሲኖር መሆኑን ነው።

ለመወያያ፦
1. በምንረዳቸው ቤተሰቦች ውስጥ ገንዘቡ በማን ስም ይቀመጣል?
2. እህቶቻችን ድርሻቸውን ቢጠይቁ ምን እንመልስላቸዋለን?