የአንድ የውድድር ዘመን ዋጋ፦ አቡበከር ናስር፣ ጅማና የ2013ቱ ፕሪሚየር ሊግ

የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ በ2013 ዓ.ም. ክለቦች በየከተማቸው ተመልካች ፊት የሚጫወቱበትን ልማድ ትቶ፣ ሁሉም በአንድ ከተማ ተሰብስበው ጥቂት ሳምንታት ከተጫወቱ በኋላ ወደ ሌላው የሚሻገሩበትን ሥርዓት ያዘ። ያለፈው ዓመት ውድድር በኮሮና ወረርሽኝ ምክንያት ተሰርዞ ነበርና ይህ አሠራር የችግር መፍትሔ ነበር። አዲስ አበባ፣ ጅማ፣ ባሕር ዳር፣ ድሬዳዋና ሐዋሳ ተራ በተራ አስተናገዱ። የጅማ ዩኒቨርሲቲ ስታዲየምም በዚህ አጋጣሚ የሊጉን ክለቦች በሙሉ ተቀበለ። ከእነዚህ መካከል የኢትዮጵያ ቡና አጥቂ የነበረው አቡበከር ናስር ይገኝበታል። በየካቲት 1992 ዓ.ም. የተወለደው ይህ ወጣት በዚያ ዓመት 29 ግቦችን አስቆጥሮ የሊጉን የአንድ ዘመን ክብረ ወሰን ሰበረ።

ቁጥሩ ብቻውን ሲታይ የሚደብቀው ነገር አለ። በትግራይ ጦርነት ምክንያት ሦስት የትግራይ ክለቦች ስላልተሳተፉ ሊጉ በ13 ቡድኖች ተካሂዶ እያንዳንዱ ቡድን 24 ጨዋታ ብቻ አደረገ። ከእርሱ በፊት ክብረ ወሰኑን የያዘው ጌታነህ ከበደ በ2009 ዓ.ም. ለደደቢት 25 ግብ ያስቆጠረው በ16 ቡድኖችና በ30 ጨዋታዎች ሊግ ነበር። ግቦቹ ለቡድኑ ጨዋታዎች ቁጥር ሲካፈሉ የጌታነህ 0.83፣ የአቡበከር ደግሞ 1.21 ይሆናል። አጭሩ ዘመን ክብረ ወሰኑን አላቀለለውም፤ ይልቁንም አከበደው። እርግጥ የጎደሉት ክለቦች ደካሞች አልነበሩም፤ መቀሌ 70 እንደርታ በ2011 ዓ.ም. ሻምፒዮን የሆነ ቡድን ነው። ስለዚህ ንጽጽሩ ፍጹም ነው ሊባል አይችልም።

ጅማን ከዚህ ታሪክ ጋር የሚያገናኘው ስታዲየሙ ብቻ አይደለም። አቡበከር ያደገበት ክለብ የተመሠረተው በ1968 ዓ.ም. በቡና ንግድ ሠራተኞች ሲሆን ለረጅም ጊዜ የሚታወቀውም «ቡና ገበያ» በሚል ስም ነበር። ከአጋሮ፣ ከሊሙና ከጎማ እየተጫነ አዲስ አበባ የሚገባው ቡና ያሠራቸው ሰዎች ለክለቡ ስሙንም ደጋፊውንም ሰጥተውታል። የቡና ከተሞቹ የራሳቸውን ክለብ በሊጉ አናት ላይ ያዩት ግን ዘግይተው ነው። በጅማው ንጉሥ ስም የተሰየመው ጅማ አባ ጅፋር ወደ ፕሪሚየር ሊግ ባደገበት በመጀመሪያው ዓመት፣ በ2010 ዓ.ም.፣ ከቅዱስ ጊዮርጊስ ጋር በነጥብ እኩል ሆኖ በግብ ልዩነት ዋንጫውን ወሰደ። የዚያ ዓመት ኮከብ ግብ አግቢ ናይጄሪያዊው ኦኪኪ አፎላቢ ነበር፤ 23 ግብ አስቆጥሮ ወደ ግብፅ ሊግ ተሻገረ። አንድ የደመቀ ዓመት ለተጫዋቹ የመውጫ በር ሲሆን፣ ክለቡን ግን ግብ አግቢውን አሳጥቶታል።

እዚህ ላይ መጠየቅ የሚገባው ጥያቄ በሩን የሚከፍተው ምንድን ነው የሚለው ነው። ግብ ብቻ ቢሆን ኖሮ ዮርዳኖስ ዓባይ በ1993 ዓ.ም. ካስቆጠራቸው 24 ግቦች በኋላ ለአገር ውስጥ አጥቂዎች መንገዱ በተጠረገ ነበር። ጌታነህ ከበደ ወደ ደቡብ አፍሪካው ቢድቬስት ዊትስ የሄደው ከክብረ ወሰኑ ቀደም ብሎ፣ በ2005 ዓ.ም. ነው። በዚያው ዓመት ጥር ኢትዮጵያ ከ31 ዓመታት በኋላ በአፍሪካ ዋንጫ ተሳትፋ ነበር፤ ውድድሩም የተካሄደው በደቡብ አፍሪካ ነው። 25ቱን ግብ ያስቆጠረው ከዚያ ተመልሶ ነው። እንግዲህ ያሻገረው ግቡ ሳይሆን ገዢ በሚያይበት ሜዳ ላይ መታየቱ ነው ማለት ይቻላል።

በ2013 ዓ.ም. የተለወጠውም ይኸው ነው። በክለቦቹ አክሲዮን ማኅበር የሚመራው ሊግ ጨዋታዎቹን ለመጀመሪያ ጊዜ በደቡብ አፍሪካው ሱፐርስፖርት በኩል በዲኤስቲቪ ማስተላለፍ ጀመረ። የጅማ ሜዳ ሣርና የአቡበከር ሩጫ ጆሃንስበርግና ፕሪቶሪያ ድረስ ታየ። ቡድኖቹ በአንድ ሜዳ መሰባሰባቸው ስርጭቱን ሳያቀልለው አልቀረም፤ የቀረጻ ባለሙያዎች በየሳምንቱ አገር ማቋረጥ አላስፈለጋቸውም። በ2014 ዓ.ም. አጋማሽ ማሜሎዲ ሰንዳውንስ ተጫዋቹን ማስፈረሙን አስታወቀ፤ እርሱም ዘመኑን በቡና ጨርሶ በክረምቱ ወደ ፕሪቶሪያ አቀና። ከዝውውሩ ጥቂት ቀደም ብሎ በካሜሩኑ የአፍሪካ ዋንጫ ከብሔራዊ ቡድኑ ጋር መሰለፉ ረድቶት ይሆናል። ነገር ግን ኢትዮጵያ በዚያ ውድድር ከሦስት ጨዋታ አንድ ነጥብ ብቻ ይዛ ስለተመለሰች፣ የውሳኔው ክብደት በሊጉ ላይ ያረፈ ይመስላል።

ከዚያ በኋላ ያለው የሙያ ጉዞ ሌላ ነገር ያሳያል። ሰንዳውንስ በየዓመቱ የአገሩን ዋንጫ የሚወስድ፣ ለአንድ ቦታ ብዙ አጥቂዎችን የሚያሰልፍ ክለብ ነበር። በቡና ቤት ጨዋታው ሁሉ በእርሱ ዙሪያ ይሠራ የነበረው ወጣት እዚያ ተራ ጠባቂ ሆነ፤ ጉዳትም ተጨመረበትና የሜዳ ደቂቃው አነሰ። በ21 ዓመቱ ክብረ ወሰን የሰበረ አጥቂ ቀጣዩ እርምጃው በየሳምንቱ የሚሰለፍበት መካከለኛ ክለብ ቢሆን ኖሮ ምን ይሆን ነበር የሚለው ለወደፊት ተጫዋቾችና ወኪሎቻቸው ባዶ ጥያቄ አይደለም። ለሻጩ ክለብ ከፍተኛው ገዢ ምርጥ ገዢ ነው፤ ለተጫዋቹ ግን ሁልጊዜ እንዲያ አይደለም።

አቡበከር ወደ ፕሪቶሪያ በተጓዘበት በዚያው ክረምት ጅማ አባ ጅፋር ከፕሪሚየር ሊጉ ወረደ። ሻምፒዮን ከሆነ አራት ዓመቱ ነበር። በአጋሮ ወይም በሊሙ ገነት ሜዳ ላይ የሚያድግ አጥቂ ሊደርስበት የሚችለው ቅርብ ክለብ ከዚያ በኋላ የሚጫወተው የሱፐርስፖርት ካሜራ በማይደርስበት በከፍተኛ ሊግ ሆነ።