ከኤዲቲንግ ወንበር ስትነሺ

እስቲ ጠጋ በዪልኝ፣ እኔም ልየው። እዚህ ጋ አቁሚው። ሽማግሌው የአያታቸውን የአድዋ ዘመቻ ሲያወሩ ከኋላ የወፍጮው ድምፅ ንግግራቸውን ውጦታል። ሌሊቱን ሙሉ ብትታገዪውም አይጠራም። ከኤዲተርነት የመጣ ፕሮዲውሰር የሚበልጠው በዚህ ነው፤ ፊልም የት እንደሚበላሽ ስለሚያውቅ ካሜራው ሳይወጣ ወፍጮ ቤቱ ስንት ሰዓት እንደሚያርፍ ይጠይቃል።

ፕሮዲውሰር ማለት ባለገንዘብ የሚመስለው ብዙ ነው። ተዪው። ኃይሌ ገሪማ ፊልሙን ጽፎ፣ አዘጋጅቶ፣ ኤዲት አድርጎ እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲያወጣ አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍልለት አጣ። ራሱ ሲኒማ ቤት እየተከራየ፣ ሰዉን እያስተባበረ አሳየው። ለ«ጤዛ» ገንዘብ ፍለጋ ስንት ዓመት ደከመ! እ.ኤ.አ. በ2009 ግን ዋጋዱጉ ላይ የፌስፓኮ ፊልም ፌስቲቫልን ታላቅ ሽልማት ወሰደበት። ሳሌም መኩሪያም ቦስተን ውስጥ «ኖቫ» ለተባለው የቴሌቪዥን ፕሮግራም ለብዙ ዓመታት ሠርታለች፤ በራሷ ፊልም በ«የወንዝ ማዕበል» ግን የወንድሟንና የጓደኛዋን ዕጣ ይዛ ቀይ ሽብርን ተናገረች።

ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1999 «አድዋ»ን ስለሠራ ነገሩ አለቀ እንዳትዪ። በ1888 ዓ.ም. የምኒልክ አዋጅ የሸዋን ሰው በጥቅምት እዚሁ ወረኢሉ እንዲከት ነበር ያዘዘው። ያ ሁሉ ጦር የት ሰፈረ? እህሉን ማን አቀረበ? ይህን የወረኢሉ ልጅ ካልጠየቀች ማን ይጠይቅ?

ታዲያ ወረቀቱን አትናቂ። የተናጋሪውን ፈቃድ በፊርማ ያዢ፤ ማንበብ የማይችሉ ከሆነ አስረድተሽ ፈቃዳቸውን ራሱን በካሜራ ቅረጪ። ቀረጻው በሁለት ሃርድ ዲስክ ይቀመጥ፣ አንዱ ሌላ ሰው ቤት። ዘፈን ከዩቲዩብ አውርደሽ አትለጥፊ፤ ባለቤት አለው፣ የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996ን አንብቢ። በጀት ስትጽፊ ደግሞ «ኤዲቱን እኔው እሠራዋለሁ» ብለሽ ዜሮ አትሙዪ። እኛ ሴቶች ይህችን ልማድ እንወዳታለን፤ ገንዘብ የሚሰጠውም ይወድልናል!

አንድ ቀን ሌላ ኤዲተር ስትቀጥሪ ማውሱን ከእጁ አትንጠቂ። ይህ የኤዲተር ፕሮዲውሰሮች ሁሉ በሽታ ነው፣ አንቺም አታመልጪውም።

አብሽሪ፣ ትችያለሽ። የሰርግ ቪዲዮ ሥራሽን ግን ገና እንዳትተዪው፤ ለመጀመሪያው ፊልምሽ ከእሱ የተሻለ ስፖንሰር አታገኚም።