ያለ ምልክት የተጻፈ ስሌት
(ስለ አስረጂ ድርሰት)

በአንደኛ ደረጃ የተማራችሁት ሒሳብ በአራቱ መደቦች ላይ የቆመ ነበር። የማይታወቀውን ቁጥር ለማግኘት የተመጣበትን መንገድ ወደ ኋላ መመለስ ይበቃ ነበር። «አንድን ቁጥር በ10 አባዝቼ 9 ብጨምርበት 39 ሆነ» ቢባል፣ 9ኙን ቀንሳችሁ ቀሪውን ለ10 ታካፍላላችሁ፤ 3 ይደርሳል።

አሁን ግን ጥያቄው እንዲህ ይሁን፦ «አንድን ቁጥር በራሱ አባዝቼ፣ የዚያኑ ቁጥር ዐሥር እጥፍ ብጨምርበት 39 ሆነ።» ከምን ላይ ትቀንሳላችሁ? ለስንትስ ታካፍላላችሁ? የማይታወቀው ቁጥር በሁለት መልክ ገብቷልና የመመለሻው መንገድ ጠፍቷል። እየገመቱ መሞከር ይቻል ይሆናል፤ ዳሩ ግን 39ኙ በ40 ቢለወጥ ግምት የትም አያደርስም።

ይህን ጥያቄ በ9ኛው መቶ ዓመት በባግዳድ የነበረው ሊቅ አል-ኽዋሪዝሚ ስለ አልጀብራ በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ ፈትቶታል። የድርሰት ተማሪ ሊያስተውለው የሚገባው ግን ሌላ ነገር ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ዛሬ የምንጠቀምባቸው የመደመርና የእኩልነት ምልክቶች አይገኙም፤ ስሌቱ በሙሉ የተገለጸው በዐረፍተ ነገር ነው። ከዘዴዎቹ አንዱ በእኛ ቋንቋ ሲገለጽ ይህን ይመስላል፦

ጎኑ የማይታወቀው ቁጥር የሆነ ካሬ ሣሉ። ዐሥሩን እጥፍ ለሁለት ክፈሉትና ወርዳቸው 5፣ 5 የሆነ ሁለት ቁራጮች አድርጋችሁ፣ አንዱን በካሬው ቀኝ፣ ሌላውን ከግርጌው ለጥፉ። የሦስቱ ስፋት በአንድነት 39 ነው። ሆኖም በቀኝ ግርጌ ማዕዘን ላይ ባዶ ቦታ ይታያችኋል። ባዶው በየጎኑ 5 ስለሆነ ስፋቱ 25 ነው። እርሱን ስትሞሉት አንድ ትልቅ ካሬ ይወጣል፤ ስፋቱም 64 ይሆናል። እንግዲህ የትልቁ ካሬ ጎን 8 ነው። ከዚህ ላይ የቁራጩን ወርድ 5 ብትቀንሱ 3 ይቀራል።

ነጌቲቭ 13ም ለጥያቄው መልስ እንደሚሆን የሒሳብ መምህራችሁ ያስረዷችኋል፤ አል-ኽዋሪዝሚ ግን ከዜሮ ያነሰ ቁጥርን እንደ መልስ አልተቀበለም። ጎኑ ከዜሮ ያነሰ ካሬ ማን ሊሥል ይችላል?

መልመጃ

1. በመግለጫው ውስጥ «ሆኖም»፣ «ስለሆነ» እና «እንግዲህ» የሚሉትን ቃላት አውጥታችሁ አንብቡት። የትኛው ሐሳብ ከየትኛው እንደተለያየ አስረዱ።

2. 39ኙን በ56 ተኩና አፈታቱን ያለ ምንም ምልክት በአንድ አንቀጽ ጻፉ። ከዚያም ለታናሽ ወንድማችሁ ወይም እኅታችሁ አንብቡላቸውና በእርሳስ እየሣሉ ይከተሏችሁ። እጃቸው የቆመበትን ዐረፍተ ነገር እንደገና ጻፉ።