ባቡር ለምን ይቆማል? የአዋሽ ጣቢያ አገልግሎት ታሪክና ለምዕራብ ጎጃም የሚያነሣው ጥያቄ

የመጀመሪያው የዕድገትና ትራንስፎርሜሽን ዕቅድ (2003–2007 ዓ.ም.) ሊዘረጉ ካሰባቸው የባቡር መስመሮች አንዱ ከፍኖተ ሰላም ተነሥቶ በባሕር ዳር፣ በወረታና በወልድያ በኩል ወደ ሰመራ የሚዘልቅ ነበር። ሐዲዱ አልተነጠፈም፤ የመስመሩ ነገር ግን በአካባቢው እስካሁን ይነሣል። በተነሣ ቁጥር የሚታሰበው ካርታ ላይ የተሰመረው ረጅም መስመር ነው፤ ጣቢያው ከነጥብ የዘለለ ትኩረት አያገኝም። ይህ አጭር ጽሑፍ የሚመለከተው ያንን ነጥብ ነው። በምዕራብ ጎጃም የሚጠና ጣቢያ ስለሌለ፣ ከአገሪቱ ነባር የገጠር ጣቢያዎች አንዱ የሆነው አዋሽ ተመርጧል። ምርጫው ሌላም ምክንያት አለው፦ ወደ ኮምቦልቻና ወደ ወልድያ አቅጣጫ የሚሄደው አዲሱ መስመር የሚገነጠለው ከአዋሽ ነው፤ የፍኖተ ሰላሙም መስመር ወልድያ ላይ እንዲገናኘው ታስቦ ነበር። (ዓመታቱ በሙሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ናቸው።)

የነባሩ መስመር ታሪክ በአጠቃላይ መልኩ የታወቀ ነው። ዳግማዊ አፄ ምኒልክ በ1886 ለስዊሳዊው አልፍሬድ ኢልግ ፈቃድ ሰጡ፤ ግንባታው በ1890 ከጅቡቲ ተጀምሮ በ1895 ድሬዳዋ ደረሰ። የመጀመሪያው ኩባንያ ከሰረና ሥራው ለዓመታት ቆመ፤ በኋላ የተቋቋመው የፈረንሳይና የኢትዮጵያ ኩባንያ ሐዲዱን በ1909 አዲስ አበባ አስገባው። መስመሩ በአጠቃላይ 784 ኪሎ ሜትር ገደማ ሲሆን የሐዲዱ ስፋት አንድ ሜትር ብቻ ነበር።

ለአዋሽ መወለድ ወሳኙ ነገር ግን ከርዝመቱ ይልቅ ጉዞው የሚፈጀው ጊዜ ነው። ባቡሩ በመጀመሪያዎቹ አሠርት ዓመታት በሌሊት አይጓዝም ነበር፤ ጎርፍ ሐዲዱን ጠርጎ ሊወስድ ይችላል፣ የዘራፊም ስጋት ነበረ። ስለዚህ ከጅቡቲ የተነሣ መንገደኛ የመጀመሪያውን ሌሊት ድሬዳዋ፣ ሁለተኛውን አዋሽ አድሮ በሦስተኛው ቀን አዲስ አበባ ይገባል። አዋሽ በድሬዳዋና በአዲስ አበባ መካከል ግማሽ መንገድ ገደማ ላይ ትገኛለች። የጎጃም ከተሞች ባመዛኙ በደብር፣ በግቢ ወይም በገበያ ዙሪያ የተቆረቆሩ ናቸው፤ ቡሬን የመሰለ የቆየ የገበያ ከተማ ለዚህ ምስክር ነው። አዋሽን የቆረቆራት ግን የባቡሩ የጉዞ ሰሌዳ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። በብዙ ካርታዎች ላይ ስሟ ለረጅም ጊዜ «አዋሽ ጣቢያ» ተብሎ መጻፉም ያለ ነገር አይደለም።

አገልግሎቶቹም ከዚሁ ማደር የተወለዱ ናቸው። መንገደኛው መኝታና እራት ይፈልጋል፤ ከጣቢያው አጠገብ ፈረንሳዮች የሠሩት «ቡፌ ዳዋሽ» የሚባለው ሆቴል የመጣው ለዚህ ነው። የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ውኃ ይጠጣል፤ በዚያ ደረቅ ቆላ ውኃ መቅዳት ራሱን የቻለ ሥራ ነበር። ሐዲዱን የሚጠብቁ፣ ፉርጎ የሚፈትሹ፣ ቴሌግራፍ የሚያስተላልፉ ሠራተኞች ቤተሰባቸውን ይዘው ሰፈሩ፤ የሥራው ቋንቋ ፈረንሳይኛ ስለነበር ብዙዎቹ ቋንቋውን ከትምህርት ቤት ይልቅ ከሥራው ለመዱት። በመስኮት በኩል የሚካሄደውም ንግድ፣ ምንም እንኳ በኩባንያ መዝገብ ቦታ ባያገኝ፣ ከጣቢያው አገልግሎቶች ተለይቶ ሊታይ አይገባውም፤ ከባቡሩ ገቢ የአካባቢው ሰው በቀጥታ የሚካፈለው በዚህ በኩል ነበርና። የአፋርና የከረዩ አርብቶ አደር ከሩቅ ከመጣ ሸቀጥና ከጥሬ ገንዘብ ጋር ከሚገናኝባቸው ቦታዎች አንዱም የጣቢያው ደጃፍ ነበር።

በ1940ዎቹ የናፍጣ ሎኮሞቲቭ ሲገባ ውኃ የመቅዳቱ ምክንያት ቀረ። ጉዞው ሲፋጠንና ሌሊትም መጓዝ ሲቻል የማደሩ ምክንያት ቀጥሎ ጠፋ። ጭነቱን በአሰብ መንገድ የሚመላለሱ የጭነት መኪናዎች ተሻሙት። ጣቢያው አልተዘጋም፤ ከማደሪያነት ወደ ማለፊያነት ወረደ እንጂ። በጥር 1977 በአዋሽ አቅራቢያ ድልድይ ላይ ከሐዲድ የወጣው ባቡር ከ400 በላይ ሰዎችን ገድሏል፤ በአፍሪካ የባቡር ታሪክ ከደረሱት አስከፊ አደጋዎች አንዱ ነው። ከዚያ በኋላ የነባሩ መስመር ይዞታ እየተዳከመ ሄዶ በ2000 ገደማ የአዲስ አበባና የድሬዳዋ ጉዞ ተቋረጠ።

በ2009 የተመረቀውና በ2010 መደበኛ አገልግሎት የጀመረው የኤሌክትሪክ መስመር ከ750 ኪሎ ሜትር በላይ ይረዝማል፤ ዋና ዓላማውም የወደብ ጭነት ነው። ብዙዎቹ ጣቢያዎቹ ከየከተሞቹ መሐል ርቀው የተሠሩ በመሆናቸው ተሳፋሪው ጣቢያ ለመድረስ ሌላ ተሽከርካሪ ይፈልጋል። የዲዛይኑ ምክንያት ይገባል፤ ሐዲዱ ቀጥ ማለት አለበት፣ የከተማ መሬትም ውድ ነው። ሆኖም ነባሩ አዋሽ ከተማን ሲወልድ አዲሶቹ ጣቢያዎች ከከተማ ጀርባቸውን ማዞራቸው በዋጋ ሊተመን የሚገባው ጉዳይ ነው፤ በአዋጭነት ጥናቶች ውስጥ የጣቢያው ደጃፍ ንግድ እንደ ጥቅም መቆጠር አለበት የሚል አቋም አለኝ።

ይህን ወደ ምዕራብ ጎጃም ስንመልሰው ሁለት የተለያዩ ነገሮች ይታያሉ። ፍኖተ ሰላም የመስመሩ ጫፍ እንድትሆን ታስባ ስለነበር ለመቆም ሌላ ምክንያት አያስፈልጋትም፤ ከዚያ የሚያልፍ ባቡር የለም፣ ሎኮሞቲቩም የሚዞረው እዚያው ነው። አዋሽን የምትመስለው ቡሬ ናት። መስመሩ ወደ ባሕር ዳር የሚወስደውን አውራ ጎዳና አቅጣጫ ከተከተለ ቡሬ መካከለኛ ጣቢያ ትሆናለች። የዛሬ ባቡር ውኃ አይቀዳም፣ አያድርም፤ ቡሬ ላይ ሊያስቆመው የሚችለው ጭነት ብቻ ነው። ለጭነት ግን ቡሬ በቂ ምክንያት አላት፦ በቆሎና በርበሬ፣ የተቀናጀው አግሮ ኢንዱስትሪ ፓርክ፣ እንዲሁም ወደ ነቀምት የሚገነጠለው መንገድ። የጣቢያው ቦታ ከፓርኩ መጋዘኖች ጋር ተጣምሮ ካልተመረጠ ፉርጎው ቡሬን በመስኮት አይቷት ያልፋል።

ከሁሉ የከበደው የደጋው ነገር ነው። በሰከላ ወረዳ በግሽ ዓባይ ዙሪያ የሚመረተው ድንች በቶሎ የሚበላሽ ምርት ነው፤ ገበሬው በአህያ ወይም በአይሱዙ እስከ ጣቢያ ካደረሰው በኋላ ፉርጎ እስኪመጣ ሊጠብቅ የሚችለው ቀዝቃዛ ማከማቻ ካለ ብቻ ነው። በአዋሽ የመጀመሪያው አገልግሎት የመንገደኛ መኝታ እንደነበር ሁሉ፣ በቡሬ የመጀመሪያው አገልግሎት የድንች መኝታ ሊሆን ይገባል፤ የጣቢያው ንድፍም ከተሳፋሪ አዳራሹ በፊት ከዚያ ቢጀምር ይመረጣል።