ሚናሽን ሌላ ስትወስደው

ልጄ፣ ዋናው ሚና ለሌላ ተሰጠብኝ ብለሽ ትወናን ልትተዪ ማሰብሽን ሰማሁ። ከመወሰንሽ በፊት የተዋናይቷን የጄሲካ ታንዲን ነገር ላጫውትሽ። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፍልሽ።

1. ቂም አትያዢ። ጄሲካ በ1947 በኒውዮርክ ብሮድዌይ በተከፈተው የቴነሲ ዊሊያምስ ተውኔት፣ «ኤ ስትሪትካር ኔምድ ዲዛየር»፣ ዋናዋን ገጸ ባሕርይ ብላንሽን ሆና ተወነች። ቶኒ ሽልማትም አገኘችበት። ተውኔቱ በ1951 ፊልም ሲሆን ማርሎን ብራንዶ፣ ኪም ሃንተርና ካርል ማልደን ከመድረኩ ተሻገሩ፤ ከአራቱ ዋና ተዋንያን የቀረችው እሷ ብቻ ናት። ስቱዲዮው ትኬት የሚያሸጥ ስም ፈልጎ ቪቪያን ሊን መረጠ። በዚያ ላይ ሊ፣ ሃንተርና ማልደን በዚሁ ፊልም ኦስካር ወሰዱ! አንጀት ያሳርራል። ግን ሊን ቀማኛ አትበያት፤ ለንደን ላይ በ1949 ያንኑ ሚና በመድረክ ተጫውታዋለች፣ ችሎታም ነበራት። ያንቺን ሚና የወሰደችውም ልጅ ምናልባት ትችልበታለች። ሄደሽ እያት፤ ስታበቃም አጨብጭቢላት።

2. ትንሽ መድረክ አትናቂ። እንግሊዛዊቷ ጄሲካ ለንደን ላይ በ1934 ከተዋናዩ ጆን ጊልጉድ ጋር በ«ሃምሌት» ተውኔት ኦፊሊያን የተጫወተች ሴት ናት። ሆሊውድ ግን የረባ ሚና አልሰጣትም። በ1946 «ዘ ግሪን ይርስ» በተባለው ፊልም የባሏ የሂዩም ክሮኒን ልጅ ሆና ተወነች፤ በዕድሜ ግን እሷ ትበልጠዋለች። (እኔ ብሆን ስቄ እሞት ነበር።) ባሏ ታዲያ ዝም አላለም፤ ሎስ አንጀለስ ውስጥ አንዲት አጭር የዊሊያምስ ተውኔት አዘጋጅቶ እሷን አሠራት። ደራሲው መጥቶ አያት፤ ብላንሽን ያገኘችውም በዚያች ምሽት ሰበብ ነው። ስለዚህ ያቺ ሁለት ትዕይንት ብቻ ያላት የጎረቤቷ ሚና ቀርባልሽ የለም ወይ? ተቀበያት። አዳራሹ ውስጥ ማን እንደተቀመጠ አታውቂም።

3. ዕድሜሽን አትደብቂ። ለዕድሜሽ የሚስማማ ሚና ከተገኘ ያዢው፤ ጄሲካም በ1963 በዳይሬክተሩ ሂችኮክ ፊልም «ዘ በርድስ» ላይ እናት ሆና ቀረበች።

4. የትዳርን ነገር አልጠየቅሽኝም፤ እኔም ብዙ አልልም። ከክሮኒን ጋር ከ1942 ጀምሮ እስከ ዕለተ ሞቷ ኖራለች፣ አብረውም ብዙ ሠርተዋል። አብረው ከተጫወቷቸው ተውኔቶች «ዘ ጂን ጌም» በ1978፣ «ፎክስፋየር» ደግሞ በ1983 ሌሎች ሁለት ቶኒዎች አስገኙላት። ልምምድሽ ሲመሽ ፊቱን የሚያጠቁር ሰው ካለ ግን አሁኑኑ ተነጋገሩበት።

5. መድረክን አትራቂ። ፊልሙ ሲሸሻት ጄሲካ በየምሽቱ ሕዝብ ፊት ቆማ ሙያዋን ታዳብር ነበር። ለዚህ ነው «ድራይቪንግ ሚስ ዴዚ» የተባለው ፊልም ሲመጣ ዝግጁ ሆና የጠበቀችው። በዚሁ ፊልም በ1990 በ80 ዓመቷ የምርጥ ተዋናይት ኦስካርን ወሰደች። በዚያው ዓመት ካንሰር እንዳለባት ታወቀ፤ እሷ ግን ሥራዋን ቀጠለች፣ «ፍራይድ ግሪን ቶማቶስ» በተባለው ፊልምም ዳግም ለኦስካር ታጨች። በ1994 በ85 ዓመቷ አረፈች። ታመሽም ሥሪ አልልሽም፤ እኔ ራሴ ያን ያህል የምደፍር አይመስለኝም።