«ኬዝባን»፦ የተሳቀበት ስም

በቱርክ፣ በተለይም በአናቶሊያ ገጠር፣ በዕድሜ ገፋ ባሉ ሴቶች ዘንድ የሚገኝ ኬዝባን የሚባል ስም አለ። ለመሆኑ ከየት መጣ? ብዙ ቱርኮች እየሳቁ የሚያወሩት ታሪክ አለ። አባት ለአራስ ልጁ የተባረከ ስም ፍለጋ ቁርኣን ሲገልጥ ሱረቱ-ረሕማን ይወጣለታል። 78 አንቀጾች ባሉት በዚህ ሱራ ውስጥ አንድ አንቀጽ 31 ጊዜ ይደጋገማል፤ የሚያልቀውም «ቱከዚባን» በሚል ቃል ነው። አባትም «ይህን ያህል ከተደጋገመ ትልቅ በረካ ቢኖረው ነው» ብሎ ልጁን ኬዝባን አላት ይባላል።

ዐረብኛ የሚያውቅ ሰው ይህን ሲሰማ ይደነግጣል። «ቱከዚባን» ማለት «ሁለታችሁ ታስተባብላላችሁ» ማለት ነውና። አላህ (ሱ.ወ) ጸጋውን የሚክዱ ሰዎችንና ጂኖችን የሚወቅስበት ቃል ነው። በቱርክ ከተሞች «ኬዝባን» ማለት «ባላገር ሴት» የሚል መሳለቂያ እስከ መሆን ደርሷል።

ይሁን እንጂ ስሙ ሌላ ምንጭም ይሰጠዋል። በፋርስኛ «ከድ» ቤት፣ «ባኑ» እመቤት ነው፤ «ከድባኑ» ሲባል የቤት እመቤት ይሆናል። ይኸው «ከድ» በኦቶማን ዘመን የታወቀ ሹመት በነበረው «ከትኹዳ» ውስጥም አለ፤ እርሱም የቤት ጌታ ማለት ነው። እንግዲህ በዚህ ከሄድን ኬዝባን እኛ ልጆቻችንን «እመቤት» እንደምንለው ያለ የክብር ስም ነው። እኔ የማደላው ወደዚህኛው ነው። ያ ባላገር አባት ያለ ጥፋቱ ሲሳቅበት ኖሯል ማለት ነው።

የሚገርመው ግን ወዲህ ነው። ባለፉት ዐሥርት ዓመታት በዚያው በቱርክ «ዐለይና» የሚል የሴት ስም ተስፋፍቷል። የዚህ ምንጭ አያከራክርም፤ ዐረብኛ ነው፣ ትርጉሙም «በእኛ ላይ» ነው። መስተዋድድና ተውላጠ ስም እንጂ ስም አይደለም። በኬዝባን የሳቀ ከተሜ ባላገሩን የከሰሰበትን ራሱ ሠራው!

ታዲያ እንዲህ ያለ ስም ይለወጥ? ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) የዑመርን (ረ.ዐ) ልጅ ዓሲያን «ጀሚላ» ብለዋታል፤ ዓሲያ «አመጸኛ» ማለት ስለሆነ ነው። (በዓይን ፊደል የሚጻፈው ነው፤ በአማርኛ አነጋገራችን አንድ ቢመስልም ከፊርዐውን ሚስት ከአሲያ ጋር መምታታት የለበትም።) «ዐለይና» ግን የሚያስነውር ትርጉም ስለሌለው እንደ ዓሲያ የሚያስለውጥ አይመስለኝም። ልጅቱ ሶላት ስትሰግድ በተሸሁድ ላይ ይህንኑ ቃል ታገኘዋለች። እዚያ የምትለምነው ሰላም «በእኛ ላይ» እንዲሆን ነው፤ ስሟን የሰማች መስሏት ካለፈችው ግን ዱዓውን ሳታውቀው አለፈች።