ፀሐይ ስትወጣ ሥራ የሚያቆሙት

ሲኒማ ስናይ ተዋናዩን እናያለን እንጂ ካሜራውን የያዘውን አናየውም። ዛሬ ከካሜራ ሠሪዎች አንዱን፣ ግሪካዊውን ጊዮርጎስ አርቫኒቲስን እናንሳ። (ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ግሪክ ከ1967 እስከ 1974 በወታደሮች አገዛዝ ሥር ነበረች። አርቫኒቲስና የፊልም አዘጋጁ ቴዎ አንጌሎፑሎስ በዚያ ዘመን፣ በ1970 የወጣ አንድ ፊልም ኤፒሩስ በሚባል ተራራማ አገር አነሱ። ከመንደሩ ብዙው ወንድ እንጀራ ፍለጋ ጀርመን ሄዷል። አንድ ባል ሲመለስ ሚስቱና ውሽማዋ ይገድሉታል። ታዲያ ካሜራው ገዳዮቹን ብቻ አላሳየንም፤ ጭቃውን፣ የድንጋዩን ቤት፣ ጥቁር የለበሱትን ሴቶችም አሳየን። ፊልሙ ቀለም የለውም፤ ጥቁርና ነጭ ነው።

አገር ጎብኚ የሚያውቃት ግሪክ ፀሐይዋ ደማቅ፣ ባሕሯ ሰማያዊ ነው። እነሱ ግን ፀሐይ ስትወጣ ካሜራቸውን ዘግተው እስኪደምን ይጠብቁ ነበር። እኛ ገበሬዎቹ ደመና የምንጠብቀው ለዘር ነው፤ እነሱ የሚጠብቁት ድኻዋንና ብርዳሟን ግሪክ ለማሳየት ነበር። ደመና ደግሞ በትእዛዝ አይመጣም!

በ1975 የወጣው፣ ከአገር አገር ስለሚዞሩ ቲያትረኞች የሚያወራው ፊልማቸው 4 ሰዓት ሊሞላ ጥቂት ይቀረዋል። ሌላው ፊልም በመቶ የሚቆጠር ቁርጥራጭ ሲኖረው፣ የእነሱ 80 ገደማ ብቻ ነው። ካሜራው ሳይቋረጥ ሲሄድ፣ በዚያው መንገድ ላይ ዘመኑ ይለወጣል። አርቫኒቲስ ከሌላ ባለካሜራ ጋር ያነሳው «ዘላለምና አንድ ቀን» በ1998 በፈረንሳይ አገር፣ በካን ከተማ አንደኛውን ሽልማት አገኘ።